ልቡ ነው ወይስ ሽቦው?

የዓለም ጤና ድርጅት ባዘጋጀው የበሽታዎች ምደባ መጽሐፍ፣ በአሥረኛው እትም፣ የልብና የደም ሥር ሕመሞች የራሳቸው ምዕራፍ አላቸው። ዘጠነኛው ነው። ደም ግፊቱ፣ የልብ ድካሙ፣ የልብ ምት መዛባቱ ሁሉ እዚያ ተሰድሮ ይገኛል። ደረቱ ውስጥ የተቀበረለት የልብ ምት መቆጣጠሪያ ሽቦው ተበጥሶበት ራሱን ስቶ የወደቀ ሰው ግን እዚያ አይጻፍም። የሚጻፈው አሥራ ዘጠነኛው ምዕራፍ ላይ፣ እሳት ካቃጠለው፣ እባብ ከነደፈውና መርዝ ከጠጣ ሰው ጋር ነው። መለያው ቲ 82.1 ይባላል።

ይህን አቀማመጥ መጀመሪያ ያየ ሰው ስህተት ሊመስለው ይችላል። ለእኔ ግን መጽሐፉ ውስጥ ካሉት ውሳኔዎች ሁሉ በጥንቃቄ የተሠራው ይኼ ነው። መዳቢዎቹ አንድ ከባድ ጥያቄ ጠይቀው ቁርጥ ያለ መልስ ሰጥተዋል። ይህን ሰው የጣለው የገዛ ልቡ ነው ወይስ እኛ ልቡ ውስጥ ያስቀመጥነው ነገር? ሁለተኛው ከሆነ ከውጭ የደረሰ ጉዳት ነው፤ ከተፈጥሮ ሕመም ጋር አይቀላቀልም። ልዩነቱ ካልተጻፈ የተበላሸ ዕቃ ሁሉ «ልቡ ደከመ» በሚል ቃል ሥር ተደብቆ ይቀራል። ዕቃውን የሠራው ፋብሪካ አይጠየቅም፣ ያስገባው እጅ አይታረምም፣ ያው ዕቃ ደረታቸው ውስጥ ያለ ሌሎች ሰዎችም ኑ ተመርመሩ ተብለው አይጠሩም።

ቲ 82 በልብና በደም ሥር ውስጥ የሚተከሉ ሰው ሠራሽ ነገሮች የሚያመጡትን ጣጣ የሚሰበስብ ክፍል ነው። መጀመሪያ የሚለየው በዕቃው ዓይነት ነው። ዜሮ ለሰው ሠራሽ የልብ ቫልቭ ተሰጥቷል። አንድ ለልብ ኤሌክትሮኒክ መሣሪያ ነው፤ ባትሪውን የያዘው ሣጥንና ወደ ልብ የሚወርደው ሽቦ ማለት ነው። ከዚያ በኋላ የተተከሉ የደም ሥሮች፣ የኩላሊት እጥበት ካቴተርና ሌሎችም እስከ አምስት ድረስ ይከተላሉ። እስከዚህ ያለው ሁሉ የሜካኒካል ብልሽት ነው። ስድስትና ሰባት ለኢንፌክሽን ተለይተዋል፤ ስምንት የደም መርጋትን፣ መድማትንና የመሳሰለውን ይይዛል፤ ዘጠኝ ምንነቱ ላልተገለጸ ችግር የተተወ ነው። ያው አንድ ዕቃ ሊሰበር፣ ሊያመረቅዝ ወይም ደም ሊያረጋ ይችላልና፣ የሦስቱ ሕክምናም ለየቅል ነውና፣ ቁጥራቸውም ለየቅል ሆነ።

ዓይኔን ከሁሉ ይበልጥ የሚይዘው ግን ቲ 82.0 ሥር በትናንሽ ፊደል የተዘረዘረው ነው። መሰበር፣ ከቦታ መንሸራተት፣ ማፍሰስ፣ ያለቦታ መቀመጥ፣ መደፈን፣ መብሳት፣ አልፎ መውጣት። ሰባት ናቸው። ለቫልቩ የተጻፈው ዝርዝር ለባትሪውም ለሽቦውም ያገለግላል። ዕቃ በሰው ገላ ውስጥ ሲበላሽ የሚበላሽበት መንገድ ከእነዚህ አንዱ ሆኖ ይገኛል።

ከሰባቱ ሁለቱን ጎን ለጎን እንያቸው። «ከቦታ መንሸራተት» እና «ያለቦታ መቀመጥ»። ለታማሚው ውጤቱ አንድ ነው፤ የሽቦው ጫፍ የልቡን ጡንቻ አልነካም፣ መሣሪያው ቢልክም ልቡ አይመልስም፣ ሰውየው ዓይኑ ይጨልምበታል። ለሚጠይቅ ሰው ግን ሁለቱ ሩቅ ለሩቅ ናቸው። የመጀመሪያው ሐኪሙ በትክክል አስቀምጦት በኋላ የተነሳ ነው። ምናልባት ሽቦው በደንብ አልያዘ ይሆናል፣ ምናልባት ታማሚው ከቆዳው ሥር ያለውን ሣጥን እየነካካ አዙሮት ይሆናል። ይህ የመጨረሻው በሕክምናው ዓለም ከ1968 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ ስም ወጥቶለት የሚታወቅ ነገር ነው፤ ሣጥኑ በዞረ ቁጥር ሽቦው እየተጠቀለለ ከልብ ይነቀላል። ሁለተኛው ቃል ደግሞ ከመነሻው ቦታውን የሳተ ነው፤ ጥያቄው ያስገባውን እጅ ይመለከታል። ይህን ያህል ስስ ልዩነት በሁለት ቃል ለይቶ ማስቀመጥ የብዙ ዓመት የአልጋ ዳር ልምድ ይጠይቃል። አሜሪካኖች መጽሐፉን ለራሳቸው ሲያሰፉት እነዚህን ሁለቱን በአንድ ቁጥር ጠቅልለዋቸዋል። በእኔ ፍርድ ያለቦታው የገባ ቁጠባ ነው።

ሽቦው ራሱ የሚደነቅ ዕቃ ነው። አንድ ልብ በደቂቃ 70 ጊዜ ቢመታ በቀን 100,000 ጊዜ ያህል ይሆናል፤ በዓመት ከ36 ሚሊዮን ያልፋል። ሽቦው በእያንዳንዱ ምት አብሮ ይታጠፋል። እንዳይሰበር ተብሎ ተጠምዝዞ ይሠራል፣ በሲሊኮን ወይም በፖሊዩሬታን ይሸፈናል፣ ከዚያ በትከሻ ሥር ባለው ደም መላሽ ሥር ገብቶ ወደ ልብ ይወርዳል። የሚፈተነው እዚያ መግቢያው ላይ ነው። ከአንገት ሥር ወደ ትከሻ በሚሄደው አጥንትና በመጀመሪያው የጎን አጥንት መካከል ያለው ቦታ ጠባብ ነው፤ ክንድ ሲነሳና ሲወርድ ሁለቱ አጥንቶች ሽቦውን እንደ መቀስ ይይዙታል።

አሁን በሰሜን ጎንደር ያሉትን ደባርቅን፣ ዳባትን፣ ጃናሞራንና በየዳን እናስብ። ገበሬው በአንድ እጁ እርፍ ጨብጦ በሌላው ጅራፍ ይዞ ያርሳል፤ ሁለቱም ትከሻ ሥራ ላይ ነው። ሴቲቱ ውኃ በጀርባዋ አዝላ ዳገት ትወጣለች፤ የሸክሙ ገመድ የሚያርፈው ትከሻዋና ደረቷ ላይ፣ ልክ ሣጥኑ በሚቀበርበት አካባቢ ነው። ሽቦውን የሠሩት መሐንዲሶች የሞከሩበት ማሽን የስሜንን ሞፈርና ቀንበር አያውቅም። የደጋው ገበሬ ትከሻ ይህን ሽቦ ምን ያህል እንደሚጎዳው ማወቅ የሚቻለው፣ የተሰበረው ሁሉ «ተሰበረ» ተብሎ በቦታው ሲጻፍና ሲደመር ብቻ ነው።

ብልሽቱን የሚለየው መለኪያም የሚያምር ቀላልነት አለው። የሽቦው መሪ ብረት ከተበጠሰ ለኤሌክትሪክ የሚያሳየው ተቃውሞ ወደ ላይ ይወጣል። ሽፋኑ ከተላጠ ደግሞ ኤሌክትሪኩ በጎን ያመልጣልና ተቃውሞው ይወርዳል። የመሣሪያው ማንበቢያ ኮምፒውተር በሌለበት ሆስፒታል እንኳ ኢሲጂው ብዙ ይናገራል። የመሣሪያው ምልክት ወረቀቱ ላይ እየታየ የልብ ምት ካልተከተለው፣ ጥሪው ወጥቷል፣ ልብ ጋ ግን አልደረሰም ማለት ነው። ጥሪው ራሱ መታየት ሲገባው ከጠፋ ባትሪው ወይም ሽቦው ይጠረጠራል። አንድ የደረት ራጅ ደግሞ አንዳንዴ ስብራቱን በግልጽ ያሳያል።

ባትሪ ላይ መዳቢዎቹ ያሳዩት ጥንቃቄ ለብቻው ሊነገርለት ይገባል። የልብ ምት መቆጣጠሪያ ባትሪ ዓመታት አገልግሎ ያልቃል፤ ማለቁ ከመጀመሪያው የታወቀ ነው። ዕድሜውን ጨርሶ ሲለወጥ ቲ 82.1 አይባልም። ብልሽት ስላልሆነ ዜድ 45.0 ተብሎ፣ ለመሣሪያ ክትትልና ማስተካከያ በተለየው ቦታ ይመዘገባል። ያለጊዜው የሞተ ባትሪ ግን ቲ 82.1 ነው። በ1958 (እ.ኤ.አ.) ጥቅምት ወር ስቶክሆልም ውስጥ አርነ ላርሾን የተባለ ስዊድናዊ፣ ሐኪሙ ኦከ ሴኒንግና መሐንዲሱ ሩነ ኤልምክቪስት ባዘጋጁት፣ ሙሉ በሙሉ ሰውነት ውስጥ የተቀበረ የመጀመሪያው የልብ ምት መቆጣጠሪያ ገባለት። ያ መሣሪያ የሠራው ለሰዓታት ብቻ ነበር። ላርሾን ግን እስከ 2001 ኖረ፤ እስኪሞት ድረስ 26 መሣሪያዎች ተቀያይረውለታል። ከ26ቱ በሰዓታት ውስጥ የከሸፈው የመጀመሪያውና ዓመታት ሠርቶ ያለቀው ኋለኛው ሁለቱም «ተቀየረ» ተብለው ቢጻፉ፣ የአርባ ዓመት የምህንድስና መሻሻል ከመዝገብ ላይ በጠፋ ነበር።

ወደ ቫልቩ እንምጣ፤ የእኛ አገር ትልቁ ጉዳይ እርሱ ነውና። ያልታከመ የቶንሲል ሕመም የሚያስከትለው የልብ ቫልቭ ጉዳት ገና በልጅነትና በወጣትነት ይመጣል። አዲስ አበባ በጥቁር አንበሳ ሆስፒታል ግቢ ያለው የልብ ሕሙማን ሕፃናት መርጃ ማዕከል፣ በዶክተር በላይ አበጋዝ መሥራችነት የተጀመረው፣ ከ2009 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ ይህን ጉዳት የሚጠግን ነው። ሰው ሠራሽ ቫልቭ የገባለት ወጣት ዕድሜውን ሁሉ ደም የሚያቀጥን መድኃኒት ይወስዳል፣ ደሙንም በየጊዜው ያስለካል። ከአዲስ አበባ ወደ ጎንደር፣ ከጎንደር ሌላ 100 ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዞ ደባርቅ ለሚገባ ሰው ይህ ክትትል ቀላል አይደለም።

እንበል አንድ ቀን ይህ ወጣት ትንፋሽ አጥሮት መጣ። የቫልቩ ክዳን አይከፈትም። መለያውን የሚጽፈው የካርድ ክፍል መዝጋቢ እዚህ ላይ ይፈተናል። ክዳኑን የያዘው የረጋ ደም ከሆነ ቲ 82.8 ነው። ክዳኑ ራሱ ተሰብሮ ወይም ተነቅሎ ከሆነ ቲ 82.0 ነው። የመጀመሪያው ወደ መድኃኒቱ፣ ወደ ደም ምርመራው፣ ወደ መንገዱ ርቀት ያመለክታል። ሁለተኛው ወደ ፋብሪካው። በአንድ ቁጥር ልዩነት ውስጥ ሁለት የተለያዩ ተጠያቂዎች ቆመዋል።

ፋብሪካው የሚጠየቅበት ጊዜ እንዳለ ማስረጃው ጠፍቶ አያውቅም። ብዮርክ ሻይሊ የተባለው ቫልቭ፣ ጎበጥ ያለው ዓይነት፣ ከ1979 እስከ 1986 (እ.ኤ.አ.) ወደ 86,000 በሚጠጉ ሰዎች ልብ ውስጥ ገብቷል። ተንቀሳቃሹን ክዳን ከያዙት ሁለት የብረት ቅንፎች አንዱ በብየዳ የተያያዘ ነበር። ብየዳው ከ600 በላይ ሰዎች ላይ ተሰበረ፤ ክዳኑ ከቦታው ወጥቶ ከደሙ ጋር ሄደ፤ ብዙዎቹ ሞቱ። የእያንዳንዱ ሰው ሞት ለቤተሰቡ ድንገተኛ የልብ ሞት ነበር። አንድ ብየዳ መሆኑ የታወቀው፣ ሞቶቹ ከቫልቩ ስም ጋር ተጽፈው አንድ ላይ ሲታዩ ነው።

አሜሪካኖች ከ2015 (እ.ኤ.አ.) ጥቅምት ጀምሮ የሚሠሩበት የሰፋው መጽሐፍ 70,000 የሚደርስ መለያ አለው፤ ይህን ክፍል ያሰፉበት መንገድም ቢሆን መነበብ ያለበት ሥራ ነው። አንዱን ብቻ ፊደል በፊደል እንየው፦ ቲ 82.110 ኤ። ቲ 82 ክፍሉ ነው። ቀጥሎ ያለው አንድ ኤሌክትሮኒክ መሣሪያ ይላል። ሁለተኛው አንድ መሰበሩን ይናገራል፤ ሁለት ቢሆን መንሸራተት ነበር። ዜሮው የተሰበረው ሽቦው ነው ይላል፤ አንድ ቢሆን ባትሪው ነበር። የመጨረሻዋ ኤ ሕክምናው ገና በመካሄድ ላይ መሆኑን ትነግረናለች፤ ዲ ብትሆን ክትትል፣ ኤስ ብትሆን የቆየ ጠባሳ ነው። ስድስተኛ ቁጥር በማያስፈልግበት ቦታ፣ ለምሳሌ በተሰበረ ቫልቭ ላይ፣ ኤክስ የተባለች ፊደል ባዶውን ቦታ ትይዛለች፤ የመጨረሻዋ ፊደል ሁልጊዜ ሰባተኛው ቦታ ላይ እንድትገኝ። አንድም ምልክት ያለሥራ አልተቀመጠም።

ሰባት ምልክት ግን ሁሉን አይሸከምም። አሜሪካኖች ከዚያ በፊት ይሠሩበት የነበረው ዘጠነኛው መጽሐፍ የልብ ምት መቆጣጠሪያን ልብን በኤሌክትሪክ ከሚያስነሳው ዲፊብሪሌተር ለይቶ ይመዘግብ ነበር፤ ሽቦውን ከባትሪው ግን በጥራት አይለይም። አዲሱ ሽቦውን ከባትሪው ለየ፤ የመሣሪያዎቹን ልዩነት ግን ከዚህ ቁጥር ውስጥ አወጣ። ሽቦውን መለየት ለምን እንዳስፈለገ 2007 (እ.ኤ.አ.) አሳይቷል። በዚያ ዓመት ጥቅምት ሜድትሮኒክ የተባለው ኩባንያ ስፕሪንት ፊደሊስ የሚባለውን ቀጭን የዲፊብሪሌተር ሽቦ ከገበያ አወጣ፤ በዓለም ዙሪያ ወደ 268,000 ሰዎች ደረት ገብቶ ነበር። ባትሪው ደህና ነው፣ ሣጥኑ ደህና ነው፣ የሚበጠሰው ሽቦው ነው። ከአራት ዓመት በኋላ ደግሞ ሪያታ የተባለው የሴንት ጁድ ኩባንያ ሽቦ መጣ፤ የእርሱ ችግር ሌላ ነበር፤ ውስጠኛው ገመድ ሽፋኑን ከውስጥ ወደ ውጭ እየፈገፈገ ይወጣል።

ይህን ሁሉ ይዘን ወደ ካርድ ክፍል እንግባ። መዝጋቢው ጠረጴዛ ላይ የሚደርሰው ሐኪሙ የጻፈው ወረቀት ነው። ወረቀቱ «የልብ ምት ዝቅተኛ፣ ራስን መሳት» ብቻ ካለ፣ መዝጋቢው ታማሚው ደረት ላይ ጠባሳ ቢያይ እንኳ ቲ 82.1 ብሎ የመጻፍ ሥልጣን የለውም። ያልተጻፈ አይመዘገብም። ጎበዝ መዝጋቢ እዚህ ላይ ሁለት ነገር ያደርጋል፤ ከራሱ አይጨምርም፣ ዝም ብሎም አያልፍም። ካርዱን ይዞ ወደ ሐኪሙ ይመለሳል፣ «ዶክተር፣ ምቱ የወረደው መሣሪያው ስላልሠራ ነው?» ብሎ ይጠይቃል። ሐኪሙ አዎ ብሎ ከጻፈ ቲ 82.1 ይቀድማል፤ ሐኪሙ የልብ የኤሌክትሪክ መስመር ሙሉ በሙሉ መዘጋቱንም ከጻፈ፣ አይ 44.2 ይከተላል። በጤናው ቤት ውስጥ ከማያቸው ሥራዎች ሁሉ ይህን ያህል ትዕግሥትና ሐቀኝነት እየጠየቀ ይህን ያህል ምስጋና ያነሰው ሥራ ያለ አይመስለኝም። ታማሚው መዝጋቢውን አያውቀውም፤ ወረፋ ሲጠብቅ ካርድ የሚያወጣ ሰው ብቻ ይመስለዋል።

ከደባርቅ ወደ ጎንደር ሲኬድ መንገድ ላይ ያለችው ዳባት የዚህን ሙያ ሌላኛውን ጫፍ ይዛለች። ጎንደር በ1954 (እ.ኤ.አ.) የሕዝብ ጤና ኮሌጅ የተከፈተባት ከተማ ናት። ከዚያ ኮሌጅ ያደገው ዩኒቨርሲቲ ከ1996 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ በዳባት ቀበሌዎች ቤት ለቤት እየዞረ ልደትን፣ ሞትንና ፍልሰትን ይመዘግባል። በእንዲህ ዓይነት አካባቢ አብዛኛው ሰው የሚሞተው ቤቱ ነው፤ የሞት ወረቀት የሚጽፍ ሐኪም አጠገቡ የለም። ስለዚህ መረጃ ሰብሳቢው ሐዘኑ ረገብ እንዲል ጊዜ ሰጥቶ ወደ ቤተሰቡ ይሄዳል፣ የሟቹን የመጨረሻ ቀናት ይጠይቃል፣ የሰማውን ይጽፋል። «ማታ ደህና ነበር፣ ውኃ አምጡልኝ አለ፣ ተዝለፍልፎ ወደቀ።» በዚህ ሥራ የተለመደው ደንብ ሁለት ሐኪሞች ቃሉን ለየብቻ አንብበው መንስኤውን እንዲመድቡ፣ ካልተስማሙ ሦስተኛ እንዲያይላቸው ነው። ሦስት የተማሩ ሰዎች በአንዲት የገበሬ ቤት ቃል ላይ ተጎንብሰው ይመክራሉ። ይህም ጥሩ ሥራ ነው፣ በጣም ጥሩ።

ነገር ግን ለዚህ ሥራ የተዘጋጀው የሞት መንስኤዎች ዝርዝር ከ60 ብዙም የማይበልጥ ነው፤ ከቃለ መጠይቅ ብቻ ከዚያ በላይ መለየት አይቻልምና። ዝርዝሩ ውስጥ ድንገተኛ የልብ ሕመም አለ፣ ሌላ የልብ ሕመም አለ። የተበጠሰ ሽቦ ወይም የተሰበረ ቫልቭ ለብቻው የሚቆምበት ቦታ የለም። ቫልቭ ገብቶለት ወደ ዳባት ገጠር የተመለሰ ሰው ቤቱ ቢሞት፣ ቫልቩ ከሞቱ ታሪክ ውስጥ ይወጣና ከልብ ሕመምተኞች ጋር ይደመራል። ይህ የዳባት ሰዎች ጉድለት አይደለም፤ የመሣሪያው ወሰን ነው። መፍትሔውም ሰውየው ሳይሞት በፊት፣ ጤና ጣቢያ ወይም ሆስፒታል በረገጠበት ቀን፣ ካርዱ ላይ ነው ያለው።

በ2019 (እ.ኤ.አ.) የጸደቀውና ከ2022 ጥር ጀምሮ ሥራ ላይ የዋለው አሥራ አንደኛው እትም ሕክምና ያመጣውን ጉዳት በሦስት ክፍል ያስጽፋል፤ የደረሰው ጉዳት፣ ያደረሰው ነገር፣ ያደረሰበት መንገድ። ትክክለኛ እርምጃ ነው። ግን አሥራ ሁለተኛውም ቢመጣ ሐኪሙ ያልጻፈውን መዝጋቢው ሊያወጣው አይችልም።

ስለዚህ በደባርቅ፣ በዳባትና በየትኛውም ጤና ተቋም ለምትሠሩ ሐኪሞችና ጤና መኮንኖች የምለው አለኝ። ደረቱ ላይ ጠባሳ ያለው ሰው ራሱን ስቶ ወይም ትንፋሽ አጥሮት ሲመጣ «የልብ ሕመም» ብላችሁ አታቁሙ። የትኛው ዕቃ፣ የትኛው ክፍሉ፣ በምን መንገድ የሚሉትን ሦስቱን ጻፉ፤ ባታረጋግጡ እንኳ መጠርጠራችሁን ጻፉ። ቫልቭ ወይም የልብ ባትሪ የተገጠመላችሁ ወገኖች ደግሞ ሲገጠምላችሁ የተሰጣችሁን፣ የመሣሪያው ስምና መለያ ቁጥር ያለበትን ትንሽ ካርድ በላስቲክ ጠቅልላችሁ ከመታወቂያችሁ ጋር ያዙት። ለቤተሰባችሁ አሳዩት። ጤና ጣቢያ ስትሄዱ ሳትጠየቁ አውጡት።